የማይቆጠሩት ዐሥር ቀናት

መጋረጃ 2

ጋሼ መጽሐፉን ጀመረ፤ የመጨረሻውን። ስለዚህ ዛሬ ጠዋት የወጥ ቤቱን ቀን መቁጠሪያ አውርጄ የጋሼን ሰቀልኩ። የጋሼን ልበል እንጂ የሠራሁት እኔ ነኝ። ወንድሜ ስለ ደሴቶቹ ሲጽፍ ሃያ ዓመት ሞላው፤ ነገሥታቱንና መርከበኞቹን እሱ ይፈጥራል፣ ቀናቸውን እኔ እቆጥርላቸዋለሁ። ሰማያቸውን ደመና ለቆት ስለማያውቅ ዘመናቸውን የሚከፍሉት በፀሐይ ሳይሆን በበር ነው፤ ነፋሱ ሲፈቅድ ክፍት፣ ሲያቅማማ ገርበብ፣ ሲቆጣ ዝግ። አሁን ያለነው ዝግ ውስጥ ነው። ዝግ አራት ወር አለው፤ መቀርቀሪያ፣ መጋረጃ፣ ፍም፣ ስንጥቅ። ሁሉም ሠላሳ ሠላሳ ቀን ነው፤ ጋሼ ሂሳብ ላይ ገልቱ ስለሆነ ሠላሳ ነው ሠላሳ አንድ ነው ስንባባል ዕድሜዬን መፍጀት አልፈለግኩም።

የቤቱ ሕግ እንደ ድሮው ነው። መጽሐፍ ሲጻፍ ቤቱም በመጽሐፉ ቀን ይኖራል። ጋዜጣ አይገባም፣ ሬዲዮ አይከፈትም፣ የእጅ ስልኬ ጠፍቶ መሳቢያ ይገባል። የቀረን የኮሪደሩ ስልክ ብቻ ነው። ሰው ቢሰማ አብደዋል ይለናል፤ ይበለን። ጋሼ ደሴቶቹ ላይ ካልኖረ መጻፍ አይችልም፤ እኔ ደግሞ ካልጻፈ አብሬው መኖር አልችልም።

ዘንድሮ ግን አንድ ነገር አለ። ልጄ ልትወልድ ነው፤ የመጀመሪያዋ። ሐኪሙ የሰጣትን ቀን ስትነግረኝ ወደኛ አቆጣጠር መለስኩት፤ ፍም 25 ላይ አረፈ። ዐሥር ቀን ቀድሜ፣ ፍም 15 እንደምነሣ ነግሬያታለሁ። የምነሣባትን ቀን በቀይ እስክሪብቶ ከብቤያታለሁ። በአውቶቡስ የአንድ ቀን መንገድ ነው። ጋሼ ስከብባት አየኝና «እስከዚያ እጨርሳለሁ፤ አትስጊ ሚጣ» አለ። ሃምሳ ሦስት ዓመቴ ነው፤ አሁንም ሚጣ ነኝ።

መጋረጃ 9

ጥድፊያ ላይ ነኝ። ጋሼ ምዕራፍ ሰባትን ሁለት ጊዜ ሰጠኝ። ከትናንት ወዲያ አንድ ምዕራፍ ሰባት፣ ዛሬ ሌላ ምዕራፍ ሰባት። ሰዎቹ ያው፣ ወደቡ ያው፣ ቃሉ ብቻ ሌላ። የቱን ልያዝ ስለው «የቱን ከየቱ?» አለኝ። ደክሞት ነው። የተሻለውን ያዝኩ። ሾርባው አረረ።

መጋረጃ 13

አርታኢዋ ደወለች። ሥራዋን የምታውቅ ልጅ ናት፤ ችግሯ ሰውንም እንደ ረቂቅ ማንበቧ ነው።

«እትዬ፣ ጋሼ ደህና ናቸው? ባለፈው ሳናግራቸው ሁለት ጊዜ ማን ልበል አሉኝ።»

የኛ ስልክ ጆሮው ደንቁሯል፣ መስመሩ ነው አልኳት። ዐይን ያወጣ ውሸት። ስልኩ ምንም አልሆነም። እሷም «እሺ እትዬ» አለች፤ እሺ አባባሏ ግን አላማረኝም።

ማታ ልጄ ደወለች። እግሯ አብጧል። የባሏ እናት ከወዲሁ ሻንጣቸውን ይዘው ገብተዋል። ወጥ ቤቱን ተረክበዋል፣ የሕፃን ሹራብ ይሠራሉ፣ ሌሊት ውሃ ሲጠማት ተነሥተው ይሰጧታል። «በጣም ጥሩ ሰው ናቸው እማዬ» አለች። ጥሩ ናቸው አልኩ እኔም። ምን ልበል? እኔ ሹራብ መሥራት አልችልም። የምችለው የሌለ አገር ቀን መቁጠር ነው።

መጋረጃ 19

ጉድ ፈላ።

ባለፈው መጽሐፍ መጨረሻ ላይ መርከቧ በመጋረጃ 30 ምሽት ከወደብ ወጥታ በፍም 1 ጠዋት ማዶ ደርሳለች። ታትሟል፣ ሰው እጅ ገብቷል፣ አይፋቅም። ከምዕራፍ ሰባት ወዲህ ጋሼ የሰጠኝ ስምንት ምዕራፍ ግን በሙሉ እዚያው መንገድ ላይ፣ መርከቧ ውስጥ የሚሆን ነው። በአንድ ሌሊት ሁለት ሠርግ፣ አንድ ቀብር፣ ደግሞ ከታች የታሰረ ሰውዬ፣ ተላጭቶ ገብቶ ጢም ያበቀለ። ሊቀ ስህተት ይኼን ቢያይ በደስታ ያብዳል። ሊቀ ስህተት ያልነው በየመጽሐፉ የቀን ግድፈት እየለቀመ የሚልክልን አንባቢ ነው፤ በሃያ ዓመት አንድም አላገኘብኝም። አላገኘብንም ማለቴ ነው።

ለጋሼ ነገርኩት። «እኔ እንዲህ ብዬ አልጻፍኩም» አለ። መጽሐፉን አምጥቼ ገጹን አሳየሁት። ቆሞ አነበበው። አንዴ ወደፊት፣ አንዴ ወደኋላ ገለጠ። ከዚያ በትሕትና፣ እንግዳ ሰው እንደሚያናግር ሆኖ፣ «ጥሩ ነው። ማን ነው የጻፈው?» አለኝ።

ሳቅኩ። ቀልድ መስሎኝ ነው የሳቅኩት። እኔ ስስቅ ሲያይ እሱም ሳቀ።

እንቅልፍ አንሶት ነው፤ ሌላ ምንም አይደለም። እኔም አልረዳሁትም። ሌላ ጊዜ ከመጀመሩ በፊት የድሮዎቹን መጻሕፍት ቁጭ ብለን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ እናነብባቸው ነበር፤ ዘንድሮ ሰነፍኩ፣ በራስህ አንብብ ብዬ ተውኩት። ጥፋቱ የኔ ነው። ስምንቱን ምዕራፍ ጣላቸው ማለት ደግሞ አልችልም። በሕይወቱ ከጻፋቸው ሁሉ የሚያምሩት እነዚህ ናቸው። እንደገና ጻፋቸው ብለው ደግሞ… ይኼን እዚህ ላይ ልተወው።

መጋረጃ 22

አገኘሁት። ሳህን እያጠብኩ ነው ያገኘሁት።

በመጋረጃ 30 እና በፍም 1 መካከል ዐሥር ቀናት አሉ፤ ግን አይቆጠሩም። ነፋሱ ከሁሉ የሚከፋበት ጊዜ ስለሆነ ደሴተኞቹ ቁጥር አይሰጧቸውም። በነዚያ ቀናት ማንም ሰው አያረጅም፣ የተማለ መሐላ አይጸናም፣ የተጠበቀ ሰው ባይመጣ ቀረ አይባልም። ታሪክ ጸሐፊዎቻቸው ዘልለዋቸው ያልፋሉ። ስለዚህ መርከቧ በመጋረጃ 30 ወጣች፣ በፍም 1 ደረሰች ማለት ውሸት የለበትም፤ መንገድ ላይ ግን ዐሥር ቀን ቆይታለች። ሠርጉም ቀብሩም ጢሙም ጊዜ አገኘ።

ጋሼ ግንባሬን ሳመኝ። «ሚጣ፣ አንቺ ባትኖሪ ምን እሆን ነበር?» አለ። ለአርታኢዋ በስልክ አነበብኩላት። «እትዬ፣ ከመጽሐፉ ሁሉ ይኼ ይበልጣል» አለች። በሃምሳ ሦስት ዓመቴ ምድር አልበቃኝ ብሎ ዋለ።

ማታ ስንበላ ጋሼ «መጽሐፉ ውስጥ ከገቡ ቤታችንም እነዚያን ቀናት ይኑራቸው» አለ። ሕግ ሕግ ነው። እሺ አልኩ።

መጋረጃ 28

ቲኬት ልቆርጥ ወጥቼ ከመንገድ ተመለስኩ። ዝናብ ነበር። ደግሞም ጋሼን ብቻውን መተው ደስ አላለኝም። ስገባ ቡታጋዙ ሳይለኮስ ተከፍቶ ቤቱ በሙሉ ሸቷል። እሱ መስኮት ሥር ቁጭ ብሎ ይጽፋል።

«ሻይ ልጥድ ብዬ ነበር መሰለኝ» አለ።

ማን የማይረሳ አለ? እኔ ራሴ ባለፈው ሳምንት መነጽሬን ራሴ ላይ አድርጌ ስፈልገው ነበር። መስኮቶቹን ሁሉ ከፈትኩ፣ ወረቀቶቹ ተበተኑ፣ ሁለታችን መሬት ላይ ተንበርክከን ለቀምን። ከእንግዲህ ስወጣ ጋዙን ከሲሊንደሩ እዘጋለሁ። ብዙም አልወጣም።

የማይቆጠር

ጠዋት መቁጠሪያውን ፊቱን ወደ ግድግዳ አዞርኩት። ባዶ ጀርባው ሲታይ ወጥ ቤቱ ሰፋ ያለ መሰለኝ። ጋሼ በጊዜ ተነሥቶ ጻፈ። እኔ ከምሳ በኋላ ተኛሁ፤ ከስንት ጊዜ በኋላ። እንዲህ ያለ ነገር ለሰው ሁሉ ያስፈልግ ነበር፤ የት ነበርሽ፣ ምን ሠራሽ የማይባልበት ቀን።

የማይቆጠር

ልጄ ደወለች።

«እማዬ፣ እየቀረበ ነው እኮ።»

«አውቃለሁ እናቴ። ዐሥር ቀን ቀድሜ እመጣለሁ አላልኩሽም?»

«ብለሽኛል።»

«ታዲያስ?»

«ምንም። አልጋሽን አንጥፌዋለሁ ልልሽ ነው።»

ይቺ ልጅ የፈለገችውን በቀጥታ ጠይቃ አታውቅም። ከአባቷ የወረሰችው ነው። እኔ የፈለግኩትን እናገራለሁ።

የማይቆጠር

ጫማ ሰፊው ጋሼን ክንዱን ይዞ አመጣልኝ። ወረቀት ልገዛ ብሎ በነጠላ ጫማ ወጥቶ፣ ከፋርማሲው ጥግ መንታ መንገዱ ላይ ቆሞ ነው ያገኘው። ከበራችን ቢጮኹ የሚሰማበት ቦታ ነው።

«ግራ ገባቸው መሰለኝ» አለ ጫማ ሰፊው፣ መሬት መሬት እያየ። «ቤቴ በየት በኩል ነው ሲሉኝ ጊዜ…»

«ቀልደኛ ነው እሱ፤ አያውቁትም» አልኩት።

ሰውየው የጋሼን ጫማ እየሰፋ ነው ፀጉሩ የሸበተው፤ እንዴት አያውቀውም? አመስግኜ በሩን ዘጋሁበት። ኋላ አፈርኩ። ጋሼ ኮቱን ሳያወልቅ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ እጆቹን ያያል። ጭቃ የነካውን እግሩን በሙቅ ውሃ አጠብኩለት። ዝም ብሎ ታጠበልኝ። እሱን ሳጥብ ነበር የተናደድኩት፤ በማን እንደሆነ እንጃ።

ከዛሬ ጀምሮ የውጭውን በር እቆልፋለሁ፤ ነፋሱ እየበረገደው ስላስቸገረ ነው። ቁልፉ ሽርጤ ኪስ ውስጥ ነው። ማምሻውን ጋሼ እጀታውን ሞከረው፤ አንዴ፣ ሁለቴ። «ማን ነው የዘጋብን?» አለ።

የማይቆጠር

ስንተኛው ላይ እንዳለን ጠፋኝ። «ጋሼ፣ ስንት ቀረን?» አልኩት። ከወረቀቱ ቀና ሳይል «ሦስት» አለ። ምሳ በልቶ እንደሆነ ግን ዛሬ ሁለቴ ጠይቆኛል።

ፍም 1

መቁጠሪያውን መለስኩት። ቀይዋ ክብ እዚያው አለች። ደግነቱ ገና ግማሽ ወር አለኝ።

ቲኬቱን ዛሬ ቆረጥኩ። ጋሼ ላይ ቆልፌ ነው የሄድኩት። መናኸሪያው ድረስ ስሮጥ ሰው ዞር እያለ ያየኛል። ቆራጯን «ከዛሬ ዐሥራ አራት ቀን በኋላ» አልኳትና ቲኬቱን ሳላየው ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩት፤ የውጭ ቀን አይታይም፣ ሕጋችን ነው። ስመለስ ጋሼ ከበሩ ጀርባ ቆሞ ነበር። ምን ያህል እንደቆመ አልጠየቅኩትም።

ፍም 7

የመጨረሻውን ምዕራፍ አይጽፈውም። ማለቴ ይጽፈዋል፤ ከዚያ ይቀድደዋል። ቁርጥራጩን ከቅርጫት አውጥቼ እገጣጥማለሁ፤ ጥሩ ነው፣ ምንም አይወጣለትም። ለምን ቀደድከው ስለው «አላለቀም» ይላል። አርታኢዋ ስትደውል እያሳመረው ነው እላታለሁ። እውነቱን ልንገራት ብዬ አስብና ምን ብዬ ነው የምነግራት? እሱ እንደሆነ ደክሞት ነው።

ሳይጨርስ እንዴት ጥዬው እሄዳለሁ? የግፊት መድኃኒቱን ማን ያስታውሰዋል? ምዕራፍ ሰባት ሁለት መሆኑን ማን ያይለታል? እዚያ ልጄን የሚያበላ ሰው አለ። እዚህ ከኔ በቀር ማንም የለም። ሻንጣዬን ከቁም ሳጥኑ አናት አወረድኩ፣ አቧራውን ጠረግኩ፣ መልሼ ሰቀልኩት። ገና ነው።

ልብስ ሳሰጣ ስልክ ጮኸ፤ ጋሼ አነሣው። ማን ነው ስለው «ልጅሽ ናት። ሰላም በላት አለች» አለኝ።

ፍም 11

ዛሬ ሾርባውን ሳቀርብለት እጄን ያዘና «እማዬ» አለኝ። እናታችን ከሞተች ብዙ ዘመኗ ነው። አቤት አልኩት። ምን ላድርግ፣ አቤት አልኩ። ደስ ብሎት በላ። ሲበላ እያየሁት እንባዬ መጣ፤ ሽንኩርት ልከትፍ ተነሣሁ።

ልጄ ከደወለች ሰነበተች። ተኮራርፈን አይደለም። ቢቸግራት ትደውል ነበር።

ፍም 14

ስልክ ተደወለ። የባሏ እናት ናቸው።

«እንኳን ደስ ያለዎት፤ ወንድ ልጅ ነው።»

«ገና ነው እኮ» አልኩ።



ፍም 14፣ ማታ

ልጻፈው።

ሕፃኑ አልቸኮለም። ሐኪሙ ካለው አንድ ቀን ብቻ ነው የቀደመው። የዘገየሁት እኔ ነኝ። ቀይዋን ክብ የሳልኩት የማይቆጠሩት ቀናት ሳይፈጠሩ በፊት ነው። ከዚያ ዐሥር ቀን ፈጠርኩ። ኖርናቸው፣ በላንባቸው፣ ተኛንባቸው፤ መቁጠሪያው ግን ፊቱን አዙሮ ስለነበር አልቆጠራቸውም። የልጄ ሆድ ቆጥሯቸዋል። ልቀድምባቸው ያልኳቸውን ዐሥር ቀናት በገዛ እጄ በላኋቸው። ነገ ልነሣ የነበረው ሐኪሙ ትወልጃለሽ ባላት ቀን ነው።

ስልኩን ለልጄ ሰጡልኝ። ድምፅዋ ደክሟል። «ጠብቄሽ ነበር» አለች። አልጮኸችም፤ ብትጮኽብኝ ይሻለኝ ነበር። «ደህና ነሽ?» አልኳት። «ደህና ነኝ። ሌሊቱን ሙሉ አማቴ እጄን ይዘውኝ ነበር» አለች። ከዚያ «ባለፈው ስደውል ለጋሼ ነግሬው ነበር እኮ። ቀኔ ደርሷል፣ ቶሎ ትምጣ በላት ብዬው ነበር» አለች።

ረስቶት ነው አልኳት።

ፍም 15

አውቶቡሱ ያለኔ ሄደ። ሻንጣዬን ይዤ በሩ ላይ ቆሜ ነው የገባኝ፤ ጋሼን ለማን ትቼ እንደምሄድ ይኼን ሁሉ ጊዜ አንድ ቀን እንኳ አስቤ አላውቅም። ጎረቤት አልጠየቅኩ፣ ለአርታኢዋ አልተናገርኩ። ቲኬት ቆርጬ ቁጭ።

ሻንጣዬን አስቀምጬ ወደ ክፍሉ ገባሁ። ይጽፋል። ብዕሩን ከእጁ ነጠቅኩት። አድርጌው አላውቅም።

«ልጄ ምን ብላህ ነበር?»

ረስቻለሁ እንዲለኝ ነበር የፈለግኩት። ቢለኝ አምነው ነበር።

«ቶሎ ትምጣ አለች» አለ።

«ታዲያ ለምን አልነገርከኝም?»

«ከሄድሽ ዛሬ ምን ቀን እንደሆነ ማን ይነግረኛል?» ባዶ እጁን አየ። «ዐሥሩን ቀን ስትጨምሪ ልጅሽ ትዝ ብላኝ ነበር። ሚጣ ትቆጥራለች፣ ክቧን ታዛውራለች ብዬ ጠበቅኩ። አላዛወርሻትም። ዝም አልኩ።»

የመጣልኝን ሁሉ ተናገርኩ። ራስ ወዳድ አልኩት። ሃያ ዓመት በላህብኝ አልኩት። እስረኛ አደረግከኝ ስለው ቁልፉ እኔ ኪስ ውስጥ ነበር፤ ስንቀሳቀስ ድምፁን እሰማዋለሁ። ጋሼ አላቋረጠኝም። ዛሬ ዐይኑ ጥርት ያለ ነበር፤ ያ ነው የባሰብኝ።

ስጨርስ «ሚጣ» አለኝ። «የሌሉ ሰዎች ልደት እንኳ ሳይቀር በቃልሽ ታውቂያለሽ። በሃያ ዓመት አንድ ቀን ተሳስተሽ አታውቂም። ይቺን ቀን እንዴት ሳትሻት?»

ክፋት አልነበረውም። ማወቅ ፈልጎ ነው የጠየቀኝ።

ሾርባ ላሙቅ ብዬ ወጣሁ። ሾርባ አልነበረም። ባዶውን ምድጃ ተደግፌ ቆምኩ።

መቁጠሪያውን ካወረድኩ በኋላ

ዛሬ አርታኢዋን በስልክ አገኘኋትና «ጋሼ ታሟል» አልኳት። ቃሉ ከአፌ ሲወጣ የመጀመሪያዬ ነው፤ እዚህ ደብተር ላይ እንኳ አልጻፍኩትም። ልጅቷ አልደነገጠችም። «እትዬ፣ ካወቅን ቆየን። እርስዎ እስኪነግሩን ነበር የምንጠብቀው» አለች። ነገ ማለዳ መጥታ እሱ ጋ ትሰነብታለች፣ ሐኪም ጋም ትወስደዋለች። የአራት ደቂቃ ስልክ ነበር። ይኼን ያህል ቀላል እንደነበር ማወቄ ደስ አላሰኘኝም፤ ቅስሜን ነው የሰበረው።

ከዚያ ልጄ ጋ ደወልኩ። ነገ እንደምመጣ ልነግራትና መቁጠሪያው እንዴት እንዳሳሳተኝ ላስረዳት ነበር። ሌሊቱን በሙሉ ሳዘጋጀው አድሬያለሁ፤ ማንም ሰምቶ የሚያምነው ነው። ድምፅዋን ስሰማ ግን ምላሴ እምቢ አለኝ።

«ተሳስቼ አይመስለኝም» አልኳት። «ፈርቼ ነው። ሕፃን አያያዝ ጠፍቶኛል። አማትሽ ሁሉን ነገር ያውቃሉ። መጥቼ ጥግ ላይ ቆሜ የምመለከት መሰለኝ። እዚህ ደግሞ ያለኔ የማይሆንለት ሰው አለ። ቀኑ ሳይታወቀኝ እንዲያልፍ ሳልፈልግ አልቀረሁም።»

ከጀርባዋ ሰው ሲራመድ፣ ሳህን ሲቀመጥ ይሰማኛል።

«እኔም እኮ ፈርቼ ነበር እማዬ» አለች። «እኔ ግን መቅረት አልችልም ነበር።»

ሕፃኑ አለቀሰና ስልኩን ዘጋችው።